ቤሌ የሄደችው እናት

እህቴ በተቀበረች ቀን ልጇ ጎረቤት ቤት ቁጭ ብላ ስኳር ድንች ትበላ ነበር። ገና አምስት ዓመት አልሞላትም። አስከሬኑ ከኦቶና ሆስፒታል ሳይደርስ አክስቴ በጓሮ በኩል፣ በእንሰቱ መሀል ይዛት ወጣች። ስትመለስ ሁላችንንም ሰብስባ፣ "እናትሽ ቤሌ ሄዳለች በሏት። አንድ ቃል ተናገሩ" አለችን።

ቤታችን ከሶዶ ወደ ምዕራብ በሚያስወጣው መንገድ ዳር ነው። ከንጋት ጀምሮ ወደዚያች ከተማ የሚጭኑት መኪኖች ረዳቶች "ቤሌ! ቤሌ! ቤሌ!" እያሉ ይጮሃሉ። አክስቴ ለውሸቷ ሩቅ ቦታ መፈለግ አላስፈለጋትም።

እኛ ዘንድ ለሕፃን መርዶ አይነገርም። አዋቂ ከሆነ ሽማግሌዎች በማለዳ፣ ቁርስ ሳይቀምስ መጥተው፣ አስቀምጠው፣ ከኋላው ትከሻውን የሚይዝ ሰው አድርገው ይነግሩታል። ልጅ ግን ይረሳዋል ይባላል።

ልጅቷ ስትመለስ የዕድሩ ድንኳን አልተነቀለም ነበር። ዞር ዞር ብላ አየችው።

"ማን አገባ?"

እናቴ ፊቷን አዙራ ወደ ጓዳ ገባች።

"ታዲያ ለምን አይጨፍሩም?"

"ደክሟቸው ነው" አለች አክስቴ።

ከዚያ በኋላ እናቴ ልጇን ቀብራ ማልቀስ ተከለከለች። ሲብስባት ማጭድ ይዛ ወደ እንሰቱ ትገባለች። ስትወጣ ዐይኗ አብጧል፤ እጇ ላይ ግን አንድ ቅጠል የለም። ከሩቅ የመጣ ለቀስተኛ በሩ ላይ እሪ ሊል ሲል አፉን ይዘን ወደ ጓዳ እናስገባዋለን። እኔ ግጥም እጽፋለሁ፤ ማንም አላስተማረኝም። ለእህቴ የጻፍኩትን ድንኳኑ ውስጥ አንብቤ ሽማግሌ አስለቅሻለሁ። ልጅቷ "እናቴ መቼ ትመጣለች?" ስትለኝ ግን ከ"ነገ" ሌላ ቃል አልነበረኝም።

መጠበቅ ጀመረች። ከቤሌ የመጣ መኪና ሲቆም ሮጣ ትወጣና የሚወርዱትን ሴቶች አንድ በአንድ ቀና ብላ ታያለች። ረዳቶቹ ለመዷት።

"እሜቴ፣ ዛሬስ ማንን ልትቀበዪ ነው የወጣሽው?" ይላታል አንዱ።

"እናቴን።"

"ምን ይዛልሽ ትመጣለች?"

"ጫማ።"

"ከቤሌ ጫማ? ቤሌ የሚበቅለው ዝንጅብል ነው፤ ዝንጅብል በያት! ዝንጅብሉን ትጫሚዋለሽ!"

መኪናው ውስጥ ያለው ሁሉ ይስቃል። እሷ አትስቅም። ቀጣዩን መኪና ትጠብቃለች።

አንድ የገበያ ቀን ጠፋች። ጓሮውን፣ ጎረቤቱን፣ ቦዩን ሁሉ ፈለግን። ያ ቀልደኛ ረዳት ከከተማው መውጫ እጇን ይዞ በእግሩ መልሶ አመጣት። መኪናው ውስጥ ወንበር ስር፣ በጆንያ መሀል ተደብቃ አግኝቷት ነው። አሁን አይቀልድም።

"እናቷ ጋ ልሂድ እያለች አለቀሰችብኝ። ለምን አትወስዷትም?" አለኝ።

ቁጭ ብዬ የት ልትሄድ እንደነበር ጠየቅኳት። ጫማዋን እያየች፣ "ሁለተኛ ወተት አልደፋም ልላት ነው" አለች።

እናቷ ሳትታመም በፊት አንድ ቀን ልጅቷ ወተት ስለደፋች ተቆጥታት ነበር። በዚያ ምክንያት ጥላት የሄደች መስሏታል። ስንቱን ቀን ይህን ይዛ እንደተኛች እግዜር ይወቀው።

"ነገ ጠዋት መርዶዋን እንነግራታለን" አልኩ።

አክስቴ ተነስታ ቆመች። "አብደሃል? ሕፃን ልትገድል ነው? ግጥም መሰለህ?"

እናቴ ማጭዷን እንደያዘች በር ላይ ነበረች። "ይነገራት። እንደ ሰው ይነገራት" አለች።

ለዕድራችን መርዶ የሚናገሩትን ሽማግሌ ለመንኳቸው። "ብዙ ሰው ነግሬያለሁ፤ ይህን የምታህል ግን ነግሬ አላውቅም" አሉኝ። በማለዳ መጡ። ዱካ ላይ ተቀምጠው ፊታቸውን ከፊቷ ትክክል አደረጉ። እኔ ከኋላ ትከሻዋን ያዝኩ። ትከሻዋ እጄ ውስጥ ጠፋ።

"ልጄ፣ እናትሽ ቤሌ የለችም። ታማ ሞታለች። ቀብረናታል። የሞተ ሰው አይመለስም። ስለ ወተቱ አይደለም፤ ባንቺም አይደለም።"

አላለቀሰችም። አሰበች።

"ድንኳኑ የሷ ነበር?"

"አዎ፣ ልጄ።"

"እኔን ለምን አልጠራችሁኝም?"

ሽማግሌው እኔን አዩኝ። እኔ አክስቴን አየኋት። አክስቴ ነጠላዋን አፏ ላይ ያዘች። ያኔ እናቴ ከቀብሩ ቀን ጀምሮ ያፈነችውን ለቀቀችው፤ በወላይትኛ፣ የልጇን ስም እየጠራች። አክስቴ በሩን ልትዘጋ ስትሮጥ እናቴ "ተዪው!" ብላ ጮኸችባት።

ልጅቷ ከእጄ ወጣች። ሄዳ አክስቴን ጉልበቷ ላይ በቡጢ መምታት ጀመረች። "ውሸታም! ውሸታም!" አክስቴ አልከለከለችም። ልጅቷ እጇ ሲዝል እዚያው አክስቴ ጉልበት ላይ ተደፍታ አለቀሰች።

አሁን መኪና ሲቆም አትወጣም። ረዳቱም ነገሩን ሰምቶ ስለ እሷ መጠየቅ ትቷል። እኔ ለመውጣት ስነሳ ግን ሱሪዬን ትይዛለች።

"የት ነው?"

"ገበያ።"

"ማል።"

እምላለሁ። ስመለስ በሩ ላይ ቆማ አገኛታለሁ። ሰላም አትለኝም። ፌስታሉን ከእጄ ትቀበልና መሬት ላይ ትገለብጠዋለች፤ ቲማቲሙን፣ ሽንኩርቱን እያነሳች ታየዋለች፤ እውነት ገበያ ሄጄ እንደሆነ።