በአባቴ መጽሐፍ ላይ የነበሩት ክሮች

ወረታ ባለው ቢሮዬ ቁጭ ብዬ ስለ ሩዝ አረም የሚያወራ ገጽ ፈለግሁና፣ ከወፍራሙ መጽሐፍ መጨረሻ በፊደል ተራ የተደረደረውን የቃላት መጠቁም ገለጥሁ። «አረም» የሚለውን ከነገጹ ሳገኘው የአባቴ የብራና መጽሐፍ ትዝ አለኝ።

አባቴ ቄስ ነበሩ። ከብራናቸው ቅጠሎች ጠርዝ ላይ ባለቀለም ክሮች ተንጠልጥለው ይታያሉ። ልጅ ሳለሁ፣ የኅዳር ሚካኤል ዋዜማ፣ መጽሐፉ የተተረተረ መስሎኝ፣ ለበዓሉ ይመርልኝ ብዬ ክሮቹን በመቀስ ሙልጭ አደረግኋቸው።

በማግስቱ አባቴ ሕዝቡ ፊት ቆመው ጠርዙን ቢዳብሱ ምንም የለም። ጨነቃቸውና ያገኙትን ገልጠው ማንበብና መተርጎም ጀመሩ። ለካስ የሰኔው ንባብ ኖሯል፤ ዝናም ይለምናል። ሩዛቸው ገና ያልታጨደ አንድ ሽማግሌ ከኋላ ጮኹ፦

«ኧረ አባ፣ ይተዉ! ሩዙ ማሳ ላይ ነው፤ ዝናም ሊጠሩብን ነው?»

ቤት ስንገባ አባቴ ብራናውን አገላብጠው አዩት፣ ከዚያ እኔን።

«ቀዩ ኅዳር፣ አረንጓዴው ሰኔ ነበር። አንቺ ልጅ፣ ዓመቱን ሙሉ ላጨሽብኝ!»

ያኔ አልገባኝም፤ ዓመት እንዴት ይላጫል?

ዛሬ ግን ከሰው ቀሚስ ላይ ክር ተንጠልጥሎ ሳይ መቀስ አላነሳም። መጀመሪያ የየትኛው ወር እንደሆነ እጠይቃለሁ።