ጋሽ ወጥርና ረጅሙ ትራስ

የመኪና ወንበር ሲያለብስ አንዲት ሽብሽብ ካየ ስፌቱን ከሥሩ የሚተረትር ሰው፣ ራሱ ለምን ከብት ያመነዠከው የመሰለ ኮት ለብሶ ይዞራል? የሰፈሩ ሾፌሮች ይህን ስንቴ ጠይቀውታል። ጋሽ ወጥር ኮቱን ከፊትም ከጎንም አይቶ፣ የሌላ ሰው ዕቃ ያየ ይመስል ተገርሞ፣ "እኔ እንጃ" ይላል። ዕድሜ ልኳን አብራው የኖረችው ሚስቱም አታውቀውም። "ያለውን ፍቅር ሁሉ ለወንበር ሰጥቶ ጨረሰው" ብላ ወሬውን ትዘጋዋለች።

እውነተኛ ስሙን የሚጠራው የለም። ወጥር የተባለው በሥራው ነው። ሱቁ ከመኖሪያ ቤቱ ጋር በአንድ ግድግዳ የተያያዘች፣ በሯ ሲከፈት ግማሽ መኪና የምትጎርስ ክፍል ናት። ውስጧ ስፌት መኪና፣ ረጅም ጠረጴዛ፣ ጣሪያ የነካ የስፖንጅ ቁልልና የማስቲሽ ሽታ አለ። ወንበር ሊያስለብስ የመጣ ሾፌር እዚያ እጁን አጣጥፎ መጠበቅ አይችልም፤ የጨርቁን ጫፍ ይዞ ይስባል። "ወጥር!" ይለዋል ጋሽ ወጥር፣ ሚስማሩን በከንፈሩ ይዞ። "ወጥር እንጂ! ቁርስ አልበላህም እንዴ?"

የሥራው ሕግ አጭር ነው፤ ጨርቁ ከስፖንጁ ሁለት ጣት ያንሳል። ያነሰውን ጨርቅ ስበው ያለበሱት ወንበር እንደ ከበሮ ይወጠራል፤ ሰው ከዓመት ዓመት ቢቀመጥበትም አይጨማደድም። ጋሽ ወጥር በዚህ ሕግ አንዲት ልጁን አሳድጎ፣ አስተምሮ ድሯል።

ያቺው ልጁ አሁን የመውለጃዋ ጊዜ ሲቃረብ ወደ እናት አባቷ ቤት መጥታለች። ባሏ የጭነት መኪና ሾፌር ስለሆነ አንዴ ከወጣ መመለሻው አይታወቅም። ልጅቱ ከመጣች ወዲህ ግን እንቅልፍ የሚባል በዓይኗ አልዞረም። በቀኝ ብትል ወገቧን፣ በግራ ብትል ዳሌዋን ያማታል፤ በጀርባዋ ብትል ትንፋሽ ያጥራታል። የክሊኒኳ አዋላጅ ነርስ ደም ግፊቷን ለክታ ግንባሯን ቋጠረች።

"በግራ ጎንሽ ተኚ። ረጅም ትራስ እቀፊ፤ ታችኛውን ጫፍ በጉልበቶችሽ መሀል አድርጊው። ያንቺ መድኃኒት እንቅልፍ ነው። ማክሰኞ ስትመጪ ግፊቱ ካልወረደ ግን ወደ ቤት አልመልስሽም፤ ሆስፒታል ነው የምልክሽ፣ እስክትወልጂ እዚያው ትተኛለሽ።"

ልጅቱ ቤት ገብታ አለቀሰች። "እዚህ በእናቴ ቤት ያልተኛሁ፣ እዚያ የሰው ምጥ እየሰማሁ እንዴት ነው የምተኛው?"

ትራሱስ ነበራት። ባሏ ከመሄዱ በፊት የሰው ቁመት የሚያህል፣ ፋይበር የተሞላ ረጅም ትራስ ገዝቶላታል። ትራሱን ከአንድ ሱቅ፣ ልብሱን ከሌላ ሱቅ ነበር የገዛው። ልብሱን የሸጠለት ሰው "ልኩን ካላወቅህ ትልቁን ውሰድ፤ ትልቅ ለሁሉም ይሆናል" ብሎታል። ጨርቁ ለስላሳ ጥጥ ነው፤ ስፋቱ ግን ሌላ ትራስ ይጨምራል። ትራሱ ውስጡ ይዋኛል። ልጅቱ ስትገለበጥ ጨርቁ ብቻ ተከትሏት ይመጣና ትራሱ ባለበት ይቀራል። ሲነጋ ትራሱ ከግርጌ፣ ባዶው ጨርቅ እግሯ ላይ እንደ ገመድ ተጠምጥሞ ይገኛል።

ጋሽ ወጥር ይህን አየና ሳቀ። "ይሄ የትራስ ልብስ ነው ድንኳን? አማቼ ድግስ አስቦ ኖሯል እንዴ?"

"አባባ ደግሞ! እሱ ምን ያርግ፣ ለኔ ብሎ ነው" አለች ልጅቱ።

"ለአንቺ ማለቱን መቼ ጠላሁ። ልኩን ነው የጠላሁት። ስጪኝ ትራሱን። አባትሽ እያለ አንቺ በድንኳን ልትተኚ?"

እንዲህ ይቀልድ እንጂ እሱም አልተኛም። በሁለቱ መኝታ ቤቶች መሀል ያለው ግድግዳ ሳል እንኳ የማያስቀር ስስ ነው። ልጅቱ በተገላበጠች ቁጥር አልጋው ሲጥ ይላል፤ አልጋው ሲጥ ባለ ቁጥር ጋሽ ወጥር ዓይኑን ይገልጣል። ሚስቱን ቀስቅሶ "ሰማሽ?" ይላል። "አንተን ነው የሰማሁት" ትለዋለች።

ቅዳሜ ሱቁ ገብቶ ካለው ጨርቅ ሁሉ ያማረውን መረጠ። ትራሱን ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ ርዝመቱን ለካ፣ ወገቡን ለካ፣ በጠመኔ አሰመረ። ከዚያም እጁ እንደለመደው ከርዝመቱም ከወርዱም ሁለት ሁለት ጣት ቀነሰ። ዚፑን ገጥሞ ሲጨርስ ትራሱን የሚያስገባበት ጉልበት አጣ፤ ሚስቱን ጠራ። እሱ ትራሱ ላይ ተንበርክኮ ሲጫን እሷ ዚፑን ሳበች።

"ወጥሪ!"

"ወጠርኩ እኮ!"

"ወጥሪ እንጂ አንቺ!"

"ሰውዬ፣ ከዚህ በላይ ብወጥር ከልጅህ በፊት እኔ ልወልድልህ ነው!"

ዚፑ ገባ። አንዲት ሽብሽብ የለችም። ጋሽ ወጥር በመዳፉ መታው፤ ድም አለ። ደስ ብሎት በትከሻው ተሸክሞ ለልጁ ወሰደላት። ልጅቱ ጉንጩን ስማ አመሰገነችው።

በዚያ ሌሊት አልጋው እንደ ወትሮው ሲጥ፣ ሲጥ ሲል ቆየና አንድ ከባድ ነገር ወለሉ ላይ ሲወድቅ ተሰማ። ጋሽ ወጥር "ሰማሽ?" አለ። ሚስቱ ብርድ ልብሱን እስከ ጆሮዋ ሳበች።

በማግሥቱ ቁርስ ላይ ከልጁ ፊት ለፊት ተቀመጠ። ዓይኖቿ ቀልተዋል።

"እንዴት ነው ትራሱ?"

"በጣም ያምራል አባባ።"

"ማማሩንማ አውቃለሁ። ተኛሽበት ወይ?"

"ያምራል" አለችና ሻይዋን አማሰለች።

ሚስቱ ትዕግሥቷ አለቀ። "ልጅቱ እንዳይከፋህ ብላ ነው እንጂ ግንድ ነው የሰጠሃት።"

"ግንድ?"

"ግንድ! አይታጠፍ፣ አይታቀፍ። ጉልበቷን ስታስገባ አንሸራቶ ይጥላታል። ሲያዩት ያምር ሲይዙት ያደናግር አለ ያገሬ ሰው።"

ጋሽ ወጥር ሻዩን ሳይጨርስ ተነሥቶ ሱቁ ገባና ቀኑን ሙሉ ሚስማር ሲመታ ዋለ። ስንት ዓመት ሙሉ "ጠበቀ" ብሎ የመለሰለት ደንበኛ የለም። ይሄ ትራስ የሚሉት ነገር ግን ብረት የለውም፣ እግር የለውም፣ ጀርባ የለውም። ምን አባቱ ላይ ነው የሚወጠረው? ማታ ሚስቱ ስታናግረው በአፍንጫው መለሰላት። የተናደደው ግን በእሷ አልነበረም። ማክሰኞ እየመጣ ነው፤ ልጁ ደግሞ አሁንም አልተኛችም።

ሰኞ ቀትር ላይ ውኃ ሊጠጣ ወደ ቤት ገባ። ቤቱ ጭር ብሏል። የልጁን ክፍል በር ገፋ ሲያደርግ ሁለቱም አልጋው ላይ ናቸው። ልጅቱ በግራ ጎኗ ተኝታ እናቷን ከኋላ አቅፋታለች፤ ጉልበቷን በእናቷ እግሮች መሀል አስገብታ፣ ሆዷን ጀርባዋ ላይ አስደግፋ ዓይኗን ጨፍናለች። እናትየው ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ አየችው።

"እንዳትናገር" አለች በሹክሹክታ። "ልትተኛ ትንሽ ቀርቷታል። እኔ ደግሞ ሥራ መግቢያዬ ደርሷል። የትምህርት ቤቱን ያን ሁሉ መማሪያ ክፍል ማን ይጠርግልኛል?"

ጋሽ ወጥር ግን የሚስቱን ቀሚስ እያየ ነበር። የቤት ቀሚስ ነው፣ ሰፋ ያለ፣ ስንቴ ታጥቦ የሳሳ። የልጅቱ ጉልበት የገባበት ቦታ ላይ ጨርቁ ሄዶላታል፤ ከሆዱ በኩል ትንሽ ተሸብሽቦ፣ ከወገቡ በኩል ትንሽ ተስቦ፣ ሳይጨንቃትም ሳያመልጣትም አብሯት ታጥፏል። ልጅቱ ተነፈሰች፤ ሽብሽቡ ተከፍቶ እንደገና ተዘጋ።

ከኮቱ ኪስ ሜትሩን አወጣ። ጎንበስ ብሎ የሚስቱን ዙሪያ፣ መጀመሪያ በቀሚሱ ላይ ሳያጠብቅ፣ ቀጥሎ ቀሚሱን ሰብስቦ ይዞ ይለካ ጀመር።

"ምነው፣ ሳጥን ልታሠራልኝ ነው?" አለች በሹክሹክታ።

"ዝም በይ። ትርፉን ነው የምፈልገው።"

"የምን ትርፍ?"

"የሽብሽቡን" አለ ጋሽ ወጥር። ይህች ቃል ከአፉ ስትወጣ ራሱም ደነገጠ።

የተረፈውን ጨርቅ ቆንጥጦ ሲይዘው አንድ ጭብጥ ሞላ። ከዚያም ልጁ ሳትነቃ ትራሱን ከወለሉ አንሥቶ፣ የአማቹን ድንኳን ከወንበር ላይ መንጭቆ ወጣ።

ሱቁ ውስጥ ያንን ያማረ ልብስ ሲያወልቀው ትራሱ እፎይ ያለ መሰለው። የአማቹን ጥጥ ጨርቅ ገለበጠ። ትራሱን ቀጥ ብሎ እንደተዘረጋ አልለካውም፤ ሰው እንደሚያቅፈው ጎብጦ እያለ፣ ሜትሩን በውጭኛው ጎን፣ በጉብጠቱ ላይ አስኬደ። ቀጥ ብሎ ሲለካ ያላየው ርዝመት እዚያ ተገኘ። ወርዱ ላይ አንድ ጭብጥ ተወለት። የቀረውን ድንኳን በመቀስ ቆረጠ። መቀሱን ሲያነሣ እጁ ሁለት ጣት ወደ ውስጥ ሊገባ ሄዶ ነበር፤ በሌላው እጁ ያዘው።

ትራሱን ሲያለብሰው ማንም አላገዘውም፤ ራሱ ሰተት ብሎ ገባ። ጋሽ ወጥር አልወደደውም። መሀሉ ላይ እጥፋት፣ ጫፉ ላይ ሽብሽብ፣ የኮቱ ታናሽ ወንድም ነበር የሚመስለው። ግን ሳይሞክሩ አይሰጥም። ስፖንጁን ከጠረጴዛው ላይ ገፋ አደረገና ላዩ ላይ ወጣ፤ በግራ ጎኑ ተጋድሞ ትራሱን አቀፈው፣ ጉልበቱንም አስገባ። ትራሱ ጎበጠለት። ዞረ፤ አብሮት ዞረ። ጨርቁ አልተጠመጠመበትም፤ ትራሱም ውስጡ አልዋኘም።

"ጋሽ ወጥር!" አለ አንድ ድምፅ ከበሩ። ወንበር ሊያስለብስ የመጣ የሚኒባስ ሾፌር ነው፤ ቁልፉን ጣቱ ላይ እያሽከረከረ ቆሟል። "ሁለተኛ አገባህ እንዴ? እትዬ ያውቃሉ?"

"ይቺን አትቀስቅስብኝ" አለ ጋሽ ወጥር ሳይነሣ። "ነገ ና።"

"ዛሬ አልነበር የቀጠርከኝ?"

"ዛሬ በዚህ ግድግዳ አጠገብ መዶሻ አያርፍም። ሂድልኝ፣ ሞተሩንም ራቅ ብለህ አስነሣ።"

ሾፌሩ እየሳቀ መኪናውን በእጁ ገፍቶ አራቀ።

ጋሽ ወጥር ትራሱን ይዞ ሲገባ ሚስቱ ለሥራ የቀራትን ደቂቃ እየቆጠረች በጭንቀት ትጠብቀው ነበር። እሷ ቀስ ብላ ስትወጣ እሱ ትራሱን በቦታዋ ቀስ አድርጎ አስገባ። ልጅቱ ግማሽ ዓይኗን ገለጠች፤ ጨርቁን ዳበሰች።

"አባባ" አለች፣ "ተሸብሽቧል እኮ።"

"ይሸብሸብ።"

ጉልበቷን አስገባች። ትራሱ ታጠፈላት። ጋሽ ወጥር በሩን ሳይዘጋ ኮሪደሩ ላይ ቆሞ የአልጋውን ሲጥታ ጠበቀ። አንዴ ተሰማ። ከዚያ ምንም አልተሰማም። ሚስቱ ከሥራ ተመልሳ ጫማዋን በእጇ ይዛ እስክትገባ ድረስ ምንም አልተሰማም። ሌሊቱንም አልጋው ዝም አለ። ጋሽ ወጥር ግን ዝምታውን አላመነውም፤ "አሁን ትነቃለች፣ አሁን ትነቃለች" እያለ ጆሮውን ቀስሮ ሌሊቱን በቁሙ አነጋው።

ማክሰኞ ጠዋት ወደ ክሊኒኩ አብሯት ሄደ። እሷ ስትገባ እሱ ኮሪደሩ ላይ፣ ተራ ከሚጠብቁት ሴቶች አጠገብ አግዳሚ ወንበር ላይ ቀረ። ነርሷ ለካች፤ አላመነችውም መሰል ደግማ ለካች። በሩን ከፍታ ወደ እሱ አየች።

"አባትየው እርስዎ ነዎት? ወርዷል። ወደ ቤት ይውሰዷት፤ ሳምንት ትመለሳለች። እንዴት አድርጋችሁ ነው ያስተኛችኋት?"

"ለቀቅ አድርገን" አለ ጋሽ ወጥር።

ልጅቱ እንክብል ልትቀበል ወደ መስኮቱ ሄደች፤ ሰልፉ ረጅም ነበር። ስትመለስ አባቷ ራሱን ግድግዳው ላይ አስደግፎ፣ አፉን ገርበብ አድርጎ፣ አጠገቡ የነበሩት ሴቶች ቦታ ለቀውለት አገኘችው። አንዷ "ቀስ፣ እንዳትቀሰቅሺው" አለቻት። ልጅቱ እንክብሏን ይዛ አጠገቡ ተቀመጠች። ጋሽ ወጥር በመጨረሻ የተኛው ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ከሩብ ላይ ነበር።