መንተባተብ የሸጠው ኦኖሪዮዴ

ኦኖሪዮዴን አልወደውም፤ ይህን ቀድሜ ልናገር። ሁለት ዓመት ሙሉ ስልክ ይዤ የቀረጽኩት ግን እኔ ነኝ።

ዋሪ ከተማ አንድ ግቢ ውስጥ ነበር የምንኖረው። እሱ ጄኔሬተር ይጠግናል። ከሥራ መልስ አጫጭር ቀልድ እየሠራን ኢንተርኔት ላይ እንለቅ ነበር፤ ዞር ብሎ የሚያየን አልነበረም። አንድ እሑድ ሽርጥ አገለደመ፣ ደረቱ ውስጥ ትራስ ወሸቀ፣ ሻሽ አሰረና እንደ ጎረቤታችን እንደ ኤሴ እናት፣ እንደ ማማ ኤሴ፣ እየተንተባተበ ቃሪያ መሸጥ ጀመረ። ስልኩ በእጄ ላይ እስኪንቀጠቀጥ ሳቅሁ። በሳምንቱ ያላየው ሰው አልነበረም።

ማማ ኤሴ ገበያ ስትወጣ ልጆች "ቃ-ቃ-ቃሪያ" እያሉ ይከተሏት ጀመር። ደንበኞቿ ሳይቀሩ ዋጋ የሚጠይቋት ስትንተባተብ ለመስማት ሆነ። አንድ ቀን ማለዳ መጥታ በሩ ላይ ቆመች፤ እኔም ነበርኩ።

"እኔ ምን በ-በደልኩህ?"

"ስምዎን ጠራሁ እንዴ፣ ማማ?"

"ስሜንማ ተውከው። የወሰድከው አፌን ነው።"

"ሰው ሳቀ እንጂ ማን ሞተ? እንዲያውም አስተዋወቅኩዎት።"

"እናትህ ብትኖር እሷንም ታ-ታስተዋውቃት ነበር።"

እሱ ገና መናገር ስትጀምር በዓይኑ ጠቅሶኝ ነበር። ቁጣዋን ከጫፍ እስከ ጫፍ ቀረጽኩት፤ በማግስቱ እሱንም ለቀቀው።

ከዚያ ወዲያ ግቢው ፊቱን አዞረብን። ሴቶቹ የግቢውን የውሃ ጉድጓድ ክዳን ቆለፉበት። አንዷ፣ "ሲጠማህ ቀልድህን ጠጣ" አለችው። እሱም ሁሉንም ሰድቦ አሳባ ከተማ ገባ። እዚያ ሌላ ቀልድ ቢሠራ ተመልካቹ "ተብታባዋን አምጣ!" እያለ አላስቀምጥ አለው። እኔ አብሬው አልሄድኩም። ማማ ኤሴም ገበያ ላይ አፏን መክፈት ተወች፤ ዋጋ የምትናገረው ልጇ ኤሴ ሆነች።

አምና ኦኖሪዮዴ እንደ አገሩ ወግ መጠጥና የኮላ ፍሬ ይዞ ይቅርታ ሊጠይቅ መጣ። ግቢው እያየ ተንበረከከ። ንግግሩ ያማረ ነበር፤ እንባም ነበረው። ማማ ኤሴ ግን ዓይኗን ከሸሚዙ ኪስ ላይ አልነቀለችም። እጇን ሰደደችና ብቅ ያለውን ስልክ መዘዘችው፤ እየቀረጸ ነበር። ለእኔ ሰጠችኝ።

"አ-አጥፊው።"

አጠፋሁት።

"በል፣ አሁን ና-ናገር" አለችው።

እኔን አየ፣ ስልኩን አየ። መጠጡን አንስታ አስታቀፈችውና ገባች።

ሰሞኑን ያንኑ ሽርጥ ለብሶ አዲስ ቀልድ ለቋል አሉ። አላየሁትም። እኔም በበኩሌ ማማ ኤሴን ይቅርታ ጠይቄያለሁ፤ እስከ ዛሬ አልመለሰችልኝም።