ወንድሜ የለበሰው ካባ

ጂንካ ሻይ ቤት ቁጭ ብዬ ወንድሜን በቴሌቪዥን አየዋለሁ። ዛሬ ካባ የደረበ ጌታ ሆኗል። ባለፈው ሳምንት ሌባ ነበር፣ ከዚያ በፊት ደግሞ ሐኪም። «ይሄ ሰውዬ የማይሆነው የለም» ይላሉ አጠገቤ ያሉት።

በደርግ ጊዜ፣ በቀበሌው ኪነት መጀመሪያ የተጫወተው ባለርስት ሆኖ ነው። ካባው ከአባቴ የድሮ ጌታ ቤት የተወረሰ ነበር፤ የብል መድኃኒት ይሸታል። ወንድሜ እሱን ደርቦ፣ የሰውዬውን ሳል እየሳለ መድረክ ላይ ወጣ። ያን ጊዜ አባቴ ከአጠገቤ ተነሣ። ቆቡን አውልቆ ከወገቡ ጎንበስ አለ፤ ገባር ሳለ ለዚያ ሰውዬ እንደሚያደርገው።

ሰዉ ሁሉ በሳቅ ፈረሰ። ወንድሜም በጌታው ድምፅ፣ «ቁጭ በል፣ አንተ» አለው። አዳራሹ አጨበጨበ። እኔም አባቴን በጋቢው እየጎተትኩ ሳቅሁ።

ቤት ስንገባ፣ «ልጄ መሆኑንማ አውቄያለሁ» አለኝ። «ወገቤ ነው ያላወቀው።»

ወንድሜ ከዚያ ወዲህ ንጉሥም ቄስም ሆኗል። አባቴን ሆኖ ግን አንድ ቀን አላየሁትም።