ጅቡ ምሳውን ምን በላ?

ልጅ ሳለሁ አፌ አያርፍም ነበር። ሰው ሲያወራ አቋርጣለሁ፣ እማዬም ትቆነጥጠኛለች። ጋሽ ተስፋይ ግን ሆላንድ፣ ሻርሎይስ ሰፈር ወዳለው ቤታችን መጥተው፣ ማሞቂያው አጠገብ ባለው መብራት ሥር የግጥም ተረታቸውን ከደብተር ሲያነቡልን ከንፈሬን ነክሼ ዝም እላለሁ፤ ያኔ ታላቅ ሲናገር ማቋረጥ ነውር ነበር። ከአስመራ የመጡ፣ አማርኛን አዲስ አበባ የለመዱ፣ በሮተርዳም ወደብ መጋዘን የሚሠሩ ገጣሚ ነበሩ። በየድግሱ ያነባሉ፤ ሰው ያጨበጭብላቸውና ወደ ምግቡ ይዞራል። አንድ ቀን ለእማዬ፣ አሁንም የሚሰማኝ ካላገኘሁ ደብተሬን ለዘለዓለም እዘጋለሁ አሏት።

ያን ሰሞን የመጋዘን ባልደረባቸው ቪታል መድረክ ላይ እንዲያነቡ ጋበዛቸው። ቪታል ህንዳዊ ነው፤ ሄግ ከተማ ውስጥ የአገሩን የማራቲ ሕዝብ የባህል ቲያትር ከሚጫወት ቡድን ጋር ይሠራ ነበር። እሁድ ከሰዓት እኔና እማዬም አብረናቸው በባቡር ሄድን። ከበሮው ገና ከበሩ ደረቴ ውስጥ ገባ፤ ሴቶቹ ቁርጭምጭሚታቸው ላይ ቃጭል አስረው ሲረግጡ ወለሉ ይንቀጠቀጣል። ደስታዬን የት ላድርገው!

ጋሽ ተስፋይ መድረክ ላይ ወጥተው በሆላንድኛ ማንበብ ጀመሩ፤ ተረቱ ዳኛ ሆኖ ስለተሾመ ጅብ ነው። ሁለት ስንኝ ሳይዘልቁ ቪታል ጥምጣሙን አጣሞ ብቅ አለና፣ ጅቡ ምሳውን ምን በላ ሲል አቋረጣቸው። ሰው ሳቀ። በዚያ ቲያትር ተራኪውን የሚያቋርጥ ቀልደኛ የግድ እንደሚኖር ማናችንም አናውቅም ነበር። እሳቸው የተዋረዱ መሰላቸው፤ ፊታቸው ጠቆረ፣ ደብተራቸውን ዘግተው ሊወርዱ ዞሩ። አሁን ከወረዱ ዳግመኛ እንደማያነቡልን ገባኝ። የእማዬ ጣት ሳይደርስብኝ ብድግ አልኩ።

«ጋሽ ተስፋይ፣ እኔም ማወቅ እፈልጋለሁ። ምን በላ?»

ቁጣቸውን ጠበቅኩ። ትኩር ብለው አዩኝ።

«ከሳሹን» አሉ።

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ፣ ከበሮው ተመታ። ቪታል ሌላ ጠየቀ፣ እሳቸውም መለሱ፤ ደብተሩ እንደተዘጋ ተረቱ አለቀ። ከዚያ ወዲያ የቡድኑ ሰው ሆኑ። ቤታችንም ሲመጡ እኔ ካላቋረጥኳቸው አይቀጥሉም፤ እማዬ ጣቷን መሰብሰብ ለመደች። በጨዋነት ካጨበጨበላቸው ሰው ሁሉ አንዲት ለፍላፊ ልጅ እንደበጀቻቸው ሳስብ ዛሬም ልቤ ይሞቃል።

አሁን አርጅተዋል። ባለፈው እሁድ ለልጄ ያንኑ ተረት ጀመሩላት። እሷ እጇን አጣምራ በጸጥታ ታዳምጣለች። ከሁለት ስንኝ በኋላ ዝም አሉ። ረሱት ብዬ ደነገጥኩ። ቀና ስል ግን ዓይናቸው እኔ ላይ ነበር፤ እየጠበቁኝ ነው።

አቋረጥኳቸው።