ምሳሌ ያጣሁለት ቃል

ጋሼ የእናቴ ታላቅ ወንድም ነበር፤ ቡታጅራ ውስጥ አስተማሪ፤ ወሬ ከጀመረ ማቆሚያ የሌለው ሰው። ጣሊያን ገብቶ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ የተገኘበት ሁሉ በሰላይነት ሲያዝ፣ መዝገበ ቃላቱን በእንሰት ቅጠል ጠቅልሎ ቆጮ ከምናስቀምጥበት ጉድጓድ ቀበረው። ቆጮን ለዓመታት ያቆየ ጉድጓድ ወረቀትም ያቆያል ብሎ ነበር። ክረምቱ አልፎ ስናወጣው መጽሐፉ በስብሶ የሚነበብ አንድ ገጽ ብቻ ተረፈ። ከዚያ ገጽ ላይ አንድ ቃል መረጠልኝ፤ «ሬቲሰንት»።

«የሚናገረው እያለው፣ አልናገርም ብሎ አፉን የሚይዝ ሰው ነው» አለኝ። «በይ፣ ምሳሌ ስጪ።»

«ላማችን ሬቲሰንት ናት።»

«አይደለም! ላም ደሞ ምን የምትናገረው አላት?»

«ጎረቤታችንስ? ቃል አይወጣቸውም እኮ።»

«አይደለም! እሳቸው ተፈጥሯቸው ነው። ሌላ!»

እንሰት ስፍቅ እንኳ ባጠገቤ ሲያልፍ «ምሳሌስ?» ይለኝ ነበር። አንዱንም አልተቀበለኝም።

አንድ ቀን ጣሊያኖች ወሰዱት። ጫካ ላሉት አርበኞች ስንቅ የሚያቀብሉትን ሰዎች ስም ተናገር አሉት። ሁሉንም ያውቃል፤ አንዷ እናቴ ነበረች። በአራተኛው ቀን አስከሬኑን ሰጡን። መንጋጋው ተሰብሮ ነበር። ወደ እኛ ቤት ግን ከጣሊያኖቹ ማንም አልመጣም፤ ወደ ሌሎቹም ቤት አልሄዱም።

ቃሬዛውን የተሸከሙት ስማቸውን ተናገር የተባለባቸው ሰዎች ናቸው። እናቴ ከኋላ ትከተል ነበር።

ምሳሌው ይኸው፣ ጋሼ። እስቲ «አይደለም» በለኝ።