ባለ ሦስት እግሩ

በቡና አገሯ ከተማችን፣ መርካቶዋ ውስጥ ትንሽ ስቱዲዮ አለችኝ፤ እንጀራዬ የሰርግ ቪዲዮ ነው። ሙሽራና ሚዜ ሲሰለቸኝ ጉሬዛ ልቀርጽ ወጣሁ። ከከተማዋ ዳር፣ ከሰቶ ሰመሮ ሰፈር ወጣ ብሎ፣ ብቻቸውን የሚኖሩ የአንዲት አሮጊት ቡና መሃል ትልቅ ዋንዛ አለ፤ ጉሬዞቹ ጠዋት ጠዋት እዚያ ይሰፍራሉ። ሴትዮዋን አስፈቅጄ የካሜራዬን ትሪፖድ ዘረጋሁ። ፈቀዱልኝ እንጂ አላመኑኝም።

"ማነው የላከህ?"

"ማንም አልላከኝም፣ አዴ። ጉሬዛ ልቀርጽ ነው።"

"ጤነኛ ሰው ሥራውን ትቶ ጉሬዛ ያያል? ወላሂ፣ ይሄ ባለ ሦስት እግር የቀያሽ ነው! መሬቴን ከለካህ ኡኡ ብዬ ሰፈሩን ነው የማወጣብህ።"

አልፈረድኩባቸውም። ከተማው ወደ እሳቸው እየሰፋ ነው፣ ያላቸውም ይሄው ቡና ብቻ ነው። ጎረቤታቸው ቀያሾች ሲመጡበት ጮኾ፣ ሰው ተሰብስቦ መልሷቸዋል። ቢሆንም አበሳጩኝ። ዘወር ባልኩ ቁጥር ከቡናው መሃል ዓይናቸው አለ። ጉሬዞቹም ያው ናቸው፤ ትልቁ ወንድ ቁልቁል አፍጦብኝ ያጓራል፣ ሌሎቹ ብን ብለው ይጠፋሉ። እኔም በተራዬ፣ ድንጋይ እየወረወሩ የሚያባርሩብኝ አሮጊቷ ናቸው ብዬ ጠረጠርኩ።

የዚህ ሥራ ዘዴው ማስለመድ ነው። እንስሳው ካልለመደህ የምትቀርጸው ጭራውን ብቻ ነው። ስለዚህ በየጠዋቱ ያንኑ ሹራብ ለብሼ እዚያው ቦታ ተጎለትኩ። ቀስ በቀስ ወንዱ ማጓራቱን ተወ። አንድ ቀን እናቲቱ ድፍን ነጭ ልጇን አቅፋ ፊት ለፊቴ አጠባች። ደስታዬን ብቻዬን አልቻልኩትም፤ አሮጊቷን ጠርቼ በካሜራው ስክሪን አሳየኋቸው።

"ያ ረቢ!" ብለው ሳቁ። "እኔ ደግሞ ቀያሽ ስልህ! አፉ በለኝ፣ ኢልማ ኮ፣ ልጄ።"

ከዚያ ወዲህ ስመጣ ከደጃቸው እንኳ አይነሱም ነበር። ሁሉም ለመዱኝ ብዬ ኮራሁ።

የሰርግ ወቅት ገባና ጥቂት ሳምንታት ቀረሁ። ስመለስ ቡናው መሃል ጫፉ ቀይ የተቀባ ችካል ቆሟል። ትንሽ አለፍ ብሎ ሌላ። ጉሬዞቹ ዋንዛው ላይ ቅጠላቸውን ይበላሉ፤ ስጠጋ አንዳቸውም አልሸሹም። አሮጊቷ ደጃቸው ላይ ተቀምጠዋል።

"አዴ፣ ምነው ሳይጮኹ? ምነው ሰው ሳይጠሩ?"

ቀና ብለው አላዩኝም።

"እንዳንተው ባለ ሦስት እግር ተሸክመው መጡ" አሉኝ። "ጓደኞችህ መስለውኝ፣ ጉሬዞቹ በዚህ በኩል ናቸው ብዬ እኔው አስገባኋቸው።"